ማስረሻ የወንድ ስም ነው የሴት? አንድ ጥያቄ፣ 43 መልስ

ጥያቄውን በሰፈራችን ነዋሪዎች የውይይት መድረክ ላይ የለጠፍኩት የካ አባዶ ላይ መብራት በጠፋበት አንድ ማታ ነው። እንዲህ ይላል። ባለቤቴ ልትወልድ አምስት ሳምንት ቀርቷታል። የመጀመሪያ ልጃችን ስድስት ዓመቱ ነው። ሁለተኛዋ በተወለደች በሁለተኛው ቀን ሞታብናለች። አሁን አማቴ ከመንዝ ደውለው ወንድም ይሁን ሴት ስሙ ማስረሻ ነው ብለው ቆርጠዋል። እኔ በዕድሜዬ የማውቀው ሁለት ማስረሻ ነው፤ ሁለቱም ጢማም ናቸው። የዛሬ ልጆች ውስጥ ደግሞ ስሙን ሰምቼው አላውቅም። ለሴት ይሆናል? ትርጉሙና ታሪኩስ ምንድን ነው? የሚያውቅ ይንገረኝ፣ የማያውቅም ይገምት ብዬ ጨረስኩ። ያቺን የመጨረሻዋን ሐረግ ባልጨምር ኖሮ ግማሹ መልስ ባልመጣ ነበር።

እስኪነጋ 11 መልስ ተከምሮ አገኘሁ። በሳምንቱ መጨረሻ 43 ደረሰ። ዘግይቶ ለሚመጣ ሰው እንዲመች የተባለውን በየቁጥሩ እየጠራሁ ልተርከው። ቃል በቃል አልገለበጥኩም፤ አንዳንዱ ቢገለበጥም አያምርም።

ቁጥር 1 ጨዋ ሰው ናቸው። ማርያም በሽልም ታውጣት ብለው ከመረቁ በኋላ ስሙ የወንድ ለመሆኑ ጥርጥር እንደሌለው አስረዱኝ። ማስረጃቸው በውትድርና ዘመናቸው የነበሩ አንድ አሥር አለቃ ናቸው። ቁጥር 2 ማስረጃውን በአክብሮት ውድቅ አደረገችው፤ የእሷ እናት ማስረሻ ይባላሉ፣ አሥር አለቃም ሆነው አያውቁም። ቁጥር 1 ተመልሰው ይቅርታ ጠየቁ። በዚህ መድረክ ላይ አንድ ሰው ተሳስቻለሁ ሲል ያየሁት ያን ጊዜ ብቻ ነው።

ቁጥር 3 ጡረታ የወጡ የአማርኛ መምህር ናቸው። ራሳቸው አልተናገሩም፤ ነገር ግን ሠራዊቱን ሠ ከእሳቱ ሰ፣ ሐመሩን ሐ ከሃሌታው ሀ ለይቶ በስልክ የሚጽፍ ሌላ ማን አለ? ማብራሪያቸው ረጅም ነበር፣ እኔ ግን ሁለት ጊዜ አነበብኩት። የስሙ ሥር ረሳ ነው፤ በግዕዙ ረስዐ የነበረው ዐይኑ ወድቆ። አስረሳ ሲሆን ሌላው እንዲረሳ ማድረግ ነው። ከዚያ ላይ የመሣሪያው ስም ሲወጣ ማስረሻ ይሆናል። ሳ ሻ የሆነችው ከመጨረሻው ኢያ ጋር ስትጋጠም ነው፤ አስታወሰ ማስታወሻን፣ ነገሠ መንገሻን እንደሚሰጡን። ይህ ቅርጽ አንድን ነገር የምንሠራበትን መሣሪያ፣ ቦታ ወይም ጊዜ እንጂ ሠሪውን አይናገርም። ስለዚህ የወንድ ወይም የሴት ምልክት የሚለጠፍበት ቦታ የለውም። በቀለ በቀለች፣ ታደለ ታደለች፣ ጥሩነህ ጥሩነሽ እንደምንለው ማስረሻን መለየት አይቻልም። ዘውድ የሚለው ስም እንኳ ለወንዱ ዘውዱ፣ ለንግሥቲቱ ዘውዲቱ ሆኖ ተለይቷል። መንገሻ፣ መኩሪያ፣ መሸሻ፣ መታሰቢያ ሁሉም የማስረሻ ዘመዶች ናቸው፤ የዮሐንስ አራተኛ ልጅ ራስ መንገሻም ከዚሁ ቤተሰብ የወጣ ስም ነበራቸው። መንገሻን ወደ ወንድ የወሰደው ልማድ እንጂ ሰዋስው አይደለም፤ የማስረሻ ልማድ ደግሞ ሳይወስን ቀርቷል ብለው ደመደሙ።

ቁጥር 4 ከዚህ ሁሉ ትምህርት የወሰደው አንድ ነገር ብቻ ነው፤ ማስረሻ የመጥረጊያ፣ የመክፈቻና የመጥበሻ ዘመድ መሆኑን። ልጅህን የወጥ ቤት ዕቃ አታድርገው የሚል ምክር ሰጠኝ። ሃያ ሰው ሳቀለት። እውነት ለመናገር እኔም ስቄአለሁ። ያን ጊዜ ቁጥር 5ን ገና አላነበብኩም ነበር።

ቁጥር 5 አልሳቀም። እሱ የጻፈው ቀልዱ ሳይታወቀው እውነት መናገሩን ነው፤ ስሙ ልጁን ዕቃ ያደርገዋል። አንድ ሕፃን ከመወለዱ በፊት የሌላ ሰው ኀዘን መድኃኒት ሆኖ ተቀጥሯል፤ ሲያድግም በጠሩት ቁጥር የሞተ ሰው አብሮ ይጠራል። አማቴንም በጎን ነካቸው፤ ስም የሚያወጡ አያቶች ስሙን ተሸክመው ትምህርት ቤት አይሄዱም አለ። አባባሉ ከረረብኝ፤ መልስ መስጠት ጀምሬ አጠፋሁት። ምክንያቱም እኔም ጥያቄውን የጠየቅኩት ይኸው ነገር ሆዴ ውስጥ ስለነበረ ነው። የወንድ ነው የሴት ብሎ መጠየቅ ይቀል ነበር።

ቁጥር 6 ነገሩን ለማለዘብ ይመስለኛል ወደ መጽሐፍ ቅዱስ ወሰደችን። ዮሴፍ በግብፅ የመጀመሪያ ልጁን ምናሴ ሲለው እግዚአብሔር መከራዬን አስረሳኝ ማለቱ ነበር፤ ዘፍጥረት ምዕራፍ 41 ላይ ነው። ስለዚህ ምናሴ ማለት በአማርኛ ማስረሻ ማለት ነው፣ ዮሴፍን ደግሞ ልጁን ዕቃ አደረገ ብሎ የወቀሰው የለም አለች። ቁጥር 7 ከዚያው መጽሐፍ ወደ ኋላ ተጉዞ ሴትን አነሣ። አቤል ከሞተ በኋላ ሔዋን በእሱ ፈንታ ተተካልኝ ብላ የተቀበለችው ልጅ ነው፤ የእኛዎቹ ተካልኝና ምትኩ የዚያ ስም ታናናሾች ናቸው። ችግሩ በአማርኛ ሴት የሚባል ወንድ መሆኑ ነው። ከዚህ በኋላ የውይይቱ ክር ለአንድ ሰዓት ያህል ከመስመር ወጣ። አዳም ሴትን ወለደ የሚለውን በልጅነቱ ሴት ልጅ ወለደ ብሎ የተረዳ ብቻዬን ነኝ ብሎ ያሰበ ሁሉ ብቻውን አለመሆኑን አወቀ።

ከ8 እስከ 11 ያሉት የስም ዝርዝር ናቸው። ደስታ፣ ሲሳይ፣ ስንታየሁ፣ ብዙአየሁ፣ ዓለም። ደስታ የሴት ብቻ ነው ላለው ቁጥር 9፣ ቁጥር 10 በ1929 ዓ.ም. በፋሺስት ጦር የተገደሉትን ራስ ደስታ ዳምጠውን አስታውሶት፣ በስማቸው በተሰየመው ሆስፒታል በር ሳታልፍ አትቀርም ብሎ ነካው። ቁጥር 11 እኔም ያልጠየቅኩትን የአሥራ አራት የአክስት ልጆቹን ስም ጻፈ።

ቁጥር 12 ለገጣፎ የተወለደ ነው። በኦሮምኛ ጫላና ጫልቱ፣ ለሊሳና ለሊሴ እየተባለ የወንዱና የሴቷ ስም መጨረሻው ላይ እንደሚለይ ጻፈልን። ጫላም ጫልቱም ከሌላው መብለጥን የሚናገሩ ናቸው። የእሱ ጥያቄ ሌላ ነበር፤ የአማራ አያቶች ሲያዝኑ ለምን በስም ያዝናሉ? መልስ የሰጠው አልነበረም። ለእኔ ግን ከክሩ ጥሩ ጥያቄዎች አንዱ ነው።

ቁጥር 13 መልስ ባይሆንም የሚቀርበውን ሰጠ። አባቱ የተወለዱት ሦስት ወንድሞቻቸው ከሞቱ በኋላ ነው። አያቱ ሞት ወንድ ልጅ መወለዱን እንዳይሰማ ብለው ሰባት ዓመት እስኪሞላቸው ድረስ አንቺ እያሉ ጠሯቸው፣ ፀጉራቸውን እንደ ሴት ልጅ ሠሯቸው፣ አንድ ጆሯቸውንም በሱ። አባቱ በ70 ዓመታቸው ያቺን ቀዳዳ በጣታቸው እየዳበሱ ያወሩ ነበር። ስሙ ወንድም ሴትም ያልሆነ ሲሆን ያው ሞትን ማደናገሪያ ነው የሚል ግምት ሰጠ። ግምቱን መምህሩ አልተቀበሉትም፤ እኔ ግን ስለዚያች የጆሮ ቀዳዳ አልረሳሁም።

ከዚያ ቁጥር 14 መጣ። ሁለት ቃል ነው የጻፈው፤ ነገሩ ሾተላይ መሆኑን። አማቴም ሕፃኗ የሞተች ዕለት ያንኑ ቃል ነበር ያሉት። እሳቸው ሾተላይ ሲሉ በሴቲቱ ላይ አድሮ ልጆቿን የሚነጥቅ መንፈስ ማለታቸው ነው፤ ጠበል የወሰዷትም ክታብ ያሰሩላትም ለዚያ ነው።

ቁጥር 15 አዋላጅ ነርስ ናት። ስለ ስሙ አንድም ቃል አልተናገረችም። የጠየቀችኝ የባለቤቴን የደም ዓይነት ነው። ቀጥላ ሾተላይ የሚለው ቃል ዛሬ በሐኪም ቤትም የሚሠራበት መሆኑን፣ ትርጉሙ ግን መንፈስ ሳይሆን ደም መሆኑን ጻፈች። የእናትየው ደም አር ኤች ኔጌቲቭ፣ የልጁ ፖዘቲቭ ሲሆን፣ በተለይ በወሊድ ጊዜ የልጁ ደም ወደ እናቱ ይገባል። የእናትየው ሰውነት እንደ ባዕድ ቆጥሮ መከላከያ ያመርትበታል። የመጀመሪያው ልጅ ብዙውን ጊዜ ያመልጣል፤ የተመረተው መከላከያ የሚጠብቀው ቀጣዩን ነው። የቀጣዩ ልጅ ቀይ የደም ሕዋሳት ይፈርሳሉ፣ ሕፃኑ ቢጫ ይሆናል። ይህ እንዳይደርስ አንቲ ዲ የሚባል መርፌ አለ፤ ከወሊድ በኋላ በ72 ሰዓት ውስጥ ይወጋል፣ በ28ኛው የእርግዝና ሳምንት አካባቢም ይሰጣል። ያቺ ልጅ ስትሞት ቆዳዋ ቢጫ ነበር? ብላ ጠየቀችኝ።

ቢጫ ነበር። የዓይኗ ነጩ ሳይቀር።

ቁጥር 16 አገር የሚያውቀውን እምነት በፈረንጅ መርፌ አትድፈሩ አለ። ቁጥር 17 በአንተ ዓይነት ሰው ምክንያት ስንት ልጅ አልቋል ብሎ መለሰ። 18 እና 19 ተሰርዘዋል፤ ከመሰረዛቸው በፊት አንብቤአቸዋለሁ፣ ባላነብ ይሻለኝ ነበር።

እኔ ግን ስልኬን አስቀምጬ ወደ ወጥ ቤት ሄድኩ። ባለቤቴ ሽንኩርት እየከተፈች ነበር። የደም ዓይነትሽ ምንድን ነው አልኳት። ቢላዋውን ጣውላው ላይ አስቀመጠች፣ እጇን በመቀነቷ ጠረገች፣ ከቁም ሣጥኑ የክትትል ካርዷን አምጥታ ሰጠችኝ። ኦ ኔጌቲቭ። ከሥሩ በቀይ እስክሪብቶ ሁለት ጊዜ ተሰምሮበታል። በየሁለት ሳምንቱ ወደ ትልቁ ሆስፒታል ስትሄድ እኔ እስከ አያት ባቡር ጣቢያ ሸኝቻት ወደ ሥራዬ እሄድ ነበር፤ ለእኔ ያ ተራ የእርግዝና ክትትል ነበር። ለካ እሷ ሁሉንም ታውቃለች። የመጀመሪያ ልጃችን የተወለደበት ጤና ተቋም መርፌው የለንም ብሎ አሰናብቷታል፤ ከውጭ ገዝተሽ አምጪ ያላትም አልነበረም። ለምን አልነገርሽኝም ስላት፣ አልጠየቅከኝም አለች። ወደ ሽንኩርቷ ተመለሰች። ያን ቀን ዓይኗ ያነባው በሽንኩርቱ ይሁን በእኔ አላውቅም።

ይህንን ሳላሳምር መድረኩ ላይ ጻፍኩት፤ ቁጥር 20 የእኔው ነው። ቁጥር 21 ቶሎ ብላችሁ መርፌውን ውጓት የሚል ነበር። አዋላጇ በቁጥር 22 አረመችው፤ መርፌው መከላከያው እንዳይመረት ያደርጋል እንጂ አንዴ የተመረተውን አያጠፋም። አሁን የሚያስፈልጋት ያው የምታደርገው ክትትል ነው፣ የምትወልደውም ደምና የጨቅላ ሕፃናት ክፍል ባለበት ሆስፒታል መሆን አለበት። ሚስትህ ከአንተ ቀድማለች ብላ ጨረሰች። ተግሣጽ መሆኑ ገብቶኛል።

ቁጥር 23 ከሌሊቱ ስምንት ሰዓት ላይ የተጻፈ ነው። የጻፈችው ሴት ስሟ ማስረሻ ነው።

በመጀመሪያ የወንድ ነው የሴት የሚለውን ጥያቄ በራሷ ታሪክ መለሰችልኝ። ዩኒቨርሲቲ የገባች ዕለት የማደሪያ ዝርዝሩ በር ላይ በፕላስተር ተለጥፎ ነበር፤ በሴቶቹ ሕንፃ ላይ ስሟን ሦስት ጊዜ ፈልጋ አጣችው። በመጨረሻ ከወንዶቹ ሕንፃ አራተኛ ፎቅ ላይ፣ ከሌሎች አምስት ወንዶች ጋር ተመድባ አገኘችው። ሻንጣዋን ይዛ ደረጃው ሥር ስትቆም ዘበኛው ወንድምሽን ልትጠይቂ ነው ወይ አላት። ያን ሌሊት ፕሮክተሯ ክፍል ውስጥ ወንበር ላይ አደረች። ከዚያ ወዲህ በየመሥሪያ ቤቱ አቶ ማስረሻ ሲባል ተነሥታ መቆምን ለምዳዋለች። የምትጠላው አቶ መባሉን አይደለም፤ ስትነሣ የሚከተለውን ዝምታ ነው።

ቀጥላ የጻፈችው ለእኔ የዚህ ክር ሁሉ ዋጋ ነው። ከእሷ በፊት አንድ ወንድም ሞቷል። እናቷ ስትጠራት ብዙ ጊዜ የእሱን ስም አስቀድማ ትጀምርና መሐል ላይ ታቆማለች፤ ከዚያ ማስረሻ ትላለች። እናቷ አንድም ቀን አልረሳችም። ስለዚህ ስሙ የእሷ ሥራ ዝርዝር አይደለም፣ የእናቷ ምኞት ነው። መምህሩ የተናገሩት ሰዋስው እዚህ ላይ ሌላ ነገር ያሳያል አለች። ስንታየሁ የተባለው ልጅ ምን አይቷል? የሁለት ቀን ሕፃን ነው። ስንት ያየችው እናቱ ናት። ብዙአየሁም እንዲሁ። እነዚህ ስሞች ለወንድም ለሴትም የሚሆኑት ስለ ልጁ ስለማይናገሩ ነው፤ የሚናገሩት ስለ ወላጁ ነው፣ ወላጁ ደግሞ ከኀዘኑ ውስጥ ሆኖ የልጁን ፆታ አልጠየቀም።

መምህሩ በቁጥር 24 ባርኔጣዬን አነሣሁ አሉ። አየሁ የሚለው ግሥ ለተናጋሪው ወንድም ሴትም ሲሆን አንድ ነው፤ የጾታ ምልክት በአንደኛ መደብ የለምና። ይህን አርባ ዓመት አስተምሬ ከስም ጋር አላያያዝኩትም አሉ። ቁጥር 25 ታዲያ ዓለማየሁ ለምን የወንድ ብቻ ሆነ፣ እጅጋየሁስ ለምን የሴት ሆነ ብሎ ጥሩ ጉድጓድ ቆፈረ። መምህሩ ልማድ ነው ከማለት ያለፈ አልነበራቸውም። ልዑል ዓለማየሁ ተነሣ፤ የአፄ ቴዎድሮስ ልጅ፣ ከመቅደላ በኋላ ወደ እንግሊዝ ተወስዶ በ1879 እ.ኤ.አ. በ18 ዓመቱ ያረፈው። ዓለም አየሁ ያሉት አባቱ ይሁኑ እናቱ የሚል ክርክር ተጀመረ፤ ማንም አላሸነፈም።

ቁጥር 26 ማስረሻን ትተህ መታሰቢያ በለው አለኝ። ትርጉሙ ተቃራኒ ነው፣ ቅርጹ አንድ ነው፣ ለሁለቱም ፆታ ይሆናል። ቁጥር 5 ወዲያው ተመልሶ ያም ቢሆን ያው የሞተ ሰው ሐውልት ነው አለ፤ የቁጥር 23 ታሪክም የእኔን ክስ ያጠናከረ ነው፣ ምስኪኗ እስከ ዛሬ የወንድሟን ስም እየሰማች ነው አለ። እዚህ ላይ ነገሩ መረረ። ማስረሻ በቁጥር 28 መለሰችለት፤ ስሜ የእኔ ነው፣ እዘንልኝ ያለህ የለም፣ ምስኪን የሚለውን ቃል ለራስህ ያዘው። በልጅነቷ ስሟን ልትቀይር አስባ እንደነበርም፣ ቀይራው ቢሆን እናቷ የምትጠራው ሁለተኛ ስም እንደማይኖር ጨመረች። ቁጥር 5 ይቅርታ አልጠየቀም። አልጠፋምም፤ ቁጥር 33 ላይ በውሃ ጉዳይ ከሁሉም ጋር ተስማምቶ አገኘነው።

ቁጥር 29 ካሳንም አንሡ እንጂ አለ። በሞተ ልጅ ምትክ የሚወጣ ስም ነው፤ አፄ ቴዎድሮስም አፄ ዮሐንስም ከመንገሣቸው በፊት ካሳ ነበሩ፣ አንዱ ካሳ ኃይሉ፣ ሌላው ካሳ ምርጫ። ስለዚህ አገሪቱን በ19ኛው ክፍለ ዘመን ሁለት ምትኮች ገዟት የሚል ድምዳሜ ሰጠ። ቁጥር 30 ማነህ ቀስ በል አለው። ካሳ ለሞተ ልጅ ብቻ አይወጣም፤ ለጠፋ ሀብት፣ ለተበደለ ዘመን፣ ለረጅም የመካንነት ዓመታትም ይወጣል፣ የሁለቱ ነገሥታት እናቶች ለምን እንዳወጡት አጠገባቸው ሳትኖር አትናገር። ማረሚያው ልክ ነው፤ ቁጥር 29ን ግን ወደድኩት።

ከ31 እስከ 36 ያለውን ብዙ አልተርክም። በአንድ ጊዜ ሦስት ነገር ተወራ። አንደኛው፣ አውስትራሊያዊው ጄምስ ሃሪሰን ለዚያ መርፌ የሚሆነውን ደም 1,173 ጊዜ መስጠቱ፤ ይህን ያመጣው ቀደም ሲል በፈረንጅ መርፌ የተቆጣው ቁጥር 16 መሆኑ ሁላችንንም አስደነቀን። ሁለተኛው፣ እነ ቁጥር 12 ያነሡት የታክሲ ዋጋ። ሦስተኛው ውሃ። እኛ ብሎክ ውሃ በሳምንት ሁለት ቀን ትመጣለች፤ በምን ቀን ትመጣለች የሚለው ግን ከማንኛውም ስም ታሪክ የበለጠ የተለያየ አስተያየት አለው።

ቁጥር 37 ሙስሊም ጎረቤታችን ናቸው። በእነሱ ዘንድ ስም በሰባተኛው ቀን በአቂቃ ይወጣል፣ እናንተ ለምን ታንዛዛላችሁ ብለው ቀለዱ። ቁጥር 38 ደግሞ መዝገብ ቤት የሚሠራ ሳይሆን አይቀርም። በአዋጅ ቁጥር 760/2004 መሠረት ልደት በ90 ቀን ውስጥ መመዝገብ አለበት። ወንድ ከሆነ ክርስትናው በ40ኛው፣ ሴት ከሆነች በ80ኛው ቀን ነው። ስለዚህ ስሙን እስከ ክርስትና ልታቆይ ከፈለግክ ለወንድ 50 ቀን፣ ለሴት 10 ቀን ብቻ ይተርፍሃል ብሎ ሒሳቡን ሠራልኝ። ክርስትናው ላይ ግን ጥያቄህ ይመለሳል አለ፤ ለወንድ ገብረ ወይም ወልደ፣ ለሴት ወለተ ወይም አመተ ስለሚባል ቄሱ ዘንድ ማስረሻ ብሎ ማምለጥ የለም።

39 እና 40 ባለቤቴን እንዴት ነች ብለው የጠየቁ ናቸው።

ቁጥር 41 ባለቤቴ ናት። መድረኩ ላይ መኖሯንም አላውቅም ነበር። ከመጀመሪያው ጀምሮ ስታነብ ከርማለች። አራት መስመር ጻፈች። ቁጥር 5 እና ቁጥር 28 በእሷ ጉዳይ መጣላታቸውን እንዲተው ለመነች። አዋላጇን አመሰገነች። እናቴ የፈለገችውን ስም ብትጠራ አልከለክላትም፣ ስሙ የእሷ ኀዘን ነው አለች። ከዚያ የሞተችው ልጅ ስም እንደነበራት ጻፈች። ለሁለት ቀን ያህል፣ ለብቻዋ፣ በሆዷ ስትጠራት ነበር። ስሙን አልጻፈችውም። እኔም እስከ ዛሬ አልጠየቅኳትም፤ ይህን ስጽፍ ነው መጠየቅ እንዳለብኝ የገባኝ።

ቁጥር 42 ለረጅም ጊዜ አልመጣም። ለዚህ መድረክ ግማሽ ቀን ዝምታ ብዙ ነው። ሲመጣ ቁጥር 4 ነበር፣ የመጥረጊያው ቀልደኛ። ስለ ቀልዱ ይቅርታ ጠየቀ። እንግዲህ ቀደም ሲል ይቅርታ ያየሁት አንድ ጊዜ ብቻ ነው ያልኩትን አርሙልኝ፤ ሁለት ሆነዋል። ቁጥር 43 ውሃ ነገ ነው ከነገ ወዲያ የሚል ነው።

መጨረሻውን ለጠየቃችሁኝ፤ ተወልዳለች። ሴት ናት። ከሁለት ሳምንት ተኩል ቀድማ፣ በሐኪሞቹ ውሳኔ፣ በዚያው ትልቅ ሆስፒታል። ቢጫ ሆና ነበር። አምስት ቀን በሰማያዊው መብራት ሥር፣ ዓይኗ በጨርቅ ተሸፍኖ ተኛች፤ ደም መቀየር ግን አላስፈለጋትም። ከአልጋው ጫፍ ላይ በፕላስተር የተለጠፈው ወረቀት ስም የሚለው ቦታ ላይ የእናቷ ስምና ልጅ የሚል ቃል ነበረው፣ ፆታ የሚለው ላይ ሴት። ወንድሟ ቡቺ ይላታል። ዛሬ 31ኛ ቀኗ ነው።

ትናንት ማታ አማቴ ደወሉ። ስልኩ ድምፅ ማጉያ ላይ ስለነበር እኔም እሰማለሁ። ማስረሻ እንዴት ነው አሉ፤ ነው ብለው። ባለቤቴ ስሙን አላረመችም። ሕፃኗን ከአንዱ ትከሻ ወደ ሌላው አዛውራ፣ ጡት ጠብታ ተኛች እማዬ፣ አለቻቸው።